በቤታችን ሊኖር የማይችል ሰው

ይድረስ ከሰው ሁሉ አብልጬ ለምናፍቅህ ለወንድሜ ለፍቅረሥላሴ ኃይለልዑል፤ ጅቡቲ።

ወንድምዓለም፣ እንዴት ከርመሃል? ጤናህስ እንዴት ነው? ያ ጎህ ሲቀድ የሚይዝህ ሳል ለቀቀህ? ወደቡ ላይ የሚነፍሰው ትኩስ አቧራ ዓይንህን አሁንም ያስለቅስሃል? ምግቡስ ተስማማህ? አብረውህ የሚያድሩት ልጆች ደህና ናቸው? አንተን እንቅልፍ የሚነሳህን ሙቀት በከረጢት ቋጥረህ ብትልክልን ሰፈሩን በሙሉ ታሞቅበት ነበር። ሮቤ ሐምሌ ገብቷል፤ ጣራው ቀኑን ሙሉ ሲንጣጣ ይውላል፣ ጠዋት ጠዋት ጭጋጉ ደጃፍ ድረስ መጥቶ ስለሚቆም ሱቅ የምሄደው አጥር እየዳበስኩ ነው።

እኛ እግዚአብሔር ይመስገን ሁላችንም ደህና ነን። እንዲህ ብዬ ጽፌ ብዕሬን አቆምኩ፤ «ሁላችንም» ማለት እነማን ማለት እንደሆነ ሰሞኑን ሰፈሩን ያመሰ ጉዳይ ሆኗልና። ተናድጃለሁ ወንድሜ፣ በጣም ተናድጃለሁ። እማዬ «ውሃ ጠጪበት» ትለኛለች፤ ጋኑን ብገለብጠው አይበርድልኝም።

በስልክ ያልነገርኩህ እማማ ልደት ስላለች ነው። ጎባ የክፍለ ሀገሩ ዋና ከተማ በነበረችበት ዘመን ስልክ ቤት ተቀምጣ የባሌን ሕዝብ በሙሉ ስታገናኝ የኖረች ሴት፣ እሷ ጡረታ ብትወጣም ጆሮዋ ጡረታ አይወጣም። ጓዳ ገብቼ ብንሾካሾክ እንኳን ከግቢው በር ጎን ካለችው ክፍሏ ሆና «ሶሲ፣ ሃሎ ሃሎ አታብዢ፣ ሰውየው ሰምቶሻል» ትለኛለች። ይህ ወሬ ደግሞ የእሷው ወሬ ስለሆነ ከእኔ አፍ ሁለተኛ እንድትሰማው አልፈለግኩም። ወረቀቱን የሚያደርስልህ ማዳበሪያ አራግፎ ባዶውን ወደ ወደቡ የሚመለስ ሹፌር ነው፤ ሻይ ጋብዘው፣ ስለ መንገዱ የሚያወራውን ግን ግማሹን ብቻ እመነው።

እማማ ልደት ማን እንደሆነች ላንተ መተረክ ለቀባሪው ማርዳት ነው፤ ግን ንዴቴ ከሥሩ ካልጀመርኩት አይወጣልኝም። ለአንድ ክረምት ብላ ደባል ሆና ገባች አሉ፤ ያ ክረምት እስካሁን አላባራም። አንተን አዝላ ያሳደገች፣ እኔ ስወለድ ቤት ያገኘኋት ናት። «እርስዎ» ስንላት «ምነው፣ ሩቅ አገር ደወላችሁ?» እያለች የምትቆጣን። ባሏ ከሞተ ቆይቷል፣ ልጅ የላትም። በደም አትዛመደንም፣ በጋብቻም አልመጣችም። ይህን ግን በቤታችን ማንም በአፉ ብሎት አያውቅም። ጣጣውም የመጣው ከዚሁ ነው።

የእትዬ ጁሀራን ልጅ ሳላሀዲንን ታስታውሰዋለህ፤ ጎል አግባ ሲባል የእኛን ጎመን የሚመታው። አሁን እዚሁ ሮቤ ዩኒቨርሲቲ የመጨረሻ ዓመት ደርሶ ኮምፒዩተር ያጠናል። የመመረቂያ ሥራው እንዲህ ነው፤ ሰው «ዘመድ» ሲል፣ «ጎረቤት» ሲል፣ «ቤተሰብ» ሲል በጭንቅላቱ የያዘውን ትርጉም ኮምፒዩተር እንዲይዘው ማድረግ። ሰንጠረዥ ያወጣል። ወደ ታች የሰዎች ስም፣ ወደ ጎን ደግሞ ስለ እነሱ የሚባለው፤ በቤቱ ይኖራል፣ በደም ይዛመዳል፣ በጋብቻ መጥቷል፣ ሲሞት ድንኳን ይተከልለታል። የሚሆንለት ላይ የኤክስ ምልክት፣ የማይሆንለት ላይ ባዶ። ከዚያ ኮምፒዩተሩ እነማን በምን በምን እንደሚገናኙ ራሱ ፈልጎ በነጥብና በመስመር ይሥለዋል፤ አንዷ ነጥብ አንድ ሐሳብ ናት። ሥዕሉ ሲያልቅ አይጥ የበላው አጎበር ይመስላል።

ደስ የሚለው ግን መጠየቁ ነው። ሰንጠረዡን አይቶ «እንዲህ የሆነ ሁሉ እንዲያም ነው?» ይላል። «አዎ» ካልከው ለዘላለም ሕግ አድርጎ ይይዘዋል። «አይደለም» ካልከው ደግሞ በባዶ አይለቅህም፤ «እንግዲያው አንድ ሰው ጥራልኝ» ይላል። ሕጉን የሚያፈርስ አንድ ሰው፣ በስሙ። ከሽማግሌዎቻችን ይልቅ ሲጠይቅ ያምርበታል፤ እነሱ ጠይቀው መልሱንም ራሳቸው ይሰጡሃል።

ለዚህ ሥራ የሰፈራችን እድር ተመረጠ። አንተ እንደምታውቀው ለማን ድንኳን እንደሚገባ የሚያውቁት የእድሩ ዳኛ ጋሽ ገብረ ሥላሴ ብቻ ናቸው፤ የሚያውቁትም በየለቅሶው ይለያያል። ባለፈው ዓመት ድንኳኑ ጋሪ ላይ ተጭኖ «የሚስት የእንጀራ እናት ትገባለች፣ አትገባም» ሲከራከሩ ሬሳው ቀድሟቸው ቤተ ክርስቲያን ደርሷል። ሳላሀዲን «እውቀታችሁን ለኮምፒዩተር ንገሩትና ከክርክር ትገላገላላችሁ» ሲላቸው ልባቸው እንዴት እንደቀለጠ! «እውቀታችሁን» ያለው ነው የገዛቸው። ሥራው ሳይጀመር በግቢያችን በር ላይ «እድራችን ወደ ዲጂታል ተሸጋገረ» የሚል ባነር ተሰቀለ። አባዬ የእድሩ ጸሐፊ ስለሆነ ስብሰባው የእኛ ሳሎን ሆነ፤ እማማ ልደትም እንደ ልማዷ በመስኮቱ አጠገብ ወንበሯ ላይ ሬድዮዋን ጆሮዋ ሥር አድርጋ ተቀመጠች።

ጋሽ ገብረ ሥላሴ ስክሪኑ ላይ የኤክሱን ብዛት አይተው «ልጄ ሳላሀዲን፣ መስቀሉን እንዲህ ካበዛኸው ለመጪው ጥምቀት ታቦት ታጅብልናለህ» አሉት። እትዬ ጁሀራ ትተዋለች? «ግዴለም ጋሽ ገብሬ፣ እርስዎንም ለዝያራ ሼክ ሁሴን እንወስድዎትና ሒሳቡ ይወራረዳል» አለች። ቤቱ በሳቅ ተናወጠ፤ ጥያቄው ተጀመረ።

«የተጋባ ሁሉ በአንድ ቤት ይኖራል?» አለ ኮምፒዩተሩ። ኦቦ ባዳሳ፣ የዳኛው ምክትል፣ በኦሮምኛም በአማርኛም «ላኪ! ላኪ! አይደለም!» እያሉ ከዘራቸውን አወዛወዙ። «ሚስቴ እዚያ ብድሬ ቆላ ከከብቶቹ ጋር ናት፣ እኔ እዚህ ነኝ። ወይስ ሳልሰማ አፋታኸን?» ሳላሀዲን የእሳቸውን ስም አስገባ፣ ሕጉ ፈረሰ፤ ኦቦ ባዳሳም አገር እንዳፈረሰ ሰው ደረታቸውን ነፉ። ቀጥሎ «ዘመድ የሆነ ሁሉ በደም ወይም በጋብቻ የመጣ ነው?» አለ። አሁንም ኦቦ ባዳሳ ዘለው ተነሱ፤ «ጉዲፈቻስ? ወንድሜ ያሳደገው ልጅ ከወለዳቸው ምኑ ያንሳል? ላኪ! እሱን ሳትጽፍ ከዚህ አልነሳም!» ተጻፈ። እንግዲህ በደም፣ በጋብቻ ወይም በጉዲፈቻ ሆነ። አየህ ወንድሜ፣ ሲፈልጉ እንዴት እንደሚችሉበት!

ከዚያ ይህ መጣ፤ «በአንድ ቤት የሚኖር ሁሉ ዘመድ ነው?»

ሬድዮዋ ብቻ ታወራለች። ጋሽ ገብረ ሥላሴ ጣራውን ማየት ጀመሩ። ኦቦ ባዳሳ የከዘራቸውን ጫፍ መረመሩ፣ ያ ሁሉ «ላኪ» የት እንደገባ እንጃ። አባዬ የገዛ ጫማውን ገና ዛሬ እንዳየው ሰው አፍጥጦ አየው። ሁሉም የሚያውቋት አንዲት ሴት መስኮቱ ሥር ተቀምጣለች፤ ስሟን መጥራት ብቻ ነበር። ግን በሰው ፊት «ይህችማ ዘመድ አይደለችም» ማን ይበል? ይሉኝታ የሚባል ነገር አለ። ጋሽ ገብረ ሥላሴ ጉሮሯቸውን ጠረጉና «ይሄ ደግሞ ምን የሚሉት ጥያቄ ነው! በአንድ ጣራ ሥር ያለ ሁሉ ዘመድ ነው! እኛ ዘንድ ባዕድ የሚባል የለም!» አሉ። ትልቅ ሰው ከተናገረ በኋላ ማን ይናገራል? «እውነት ነው፣ እውነት ነው» ተባለ። «አንድነታችንን ያጽናልን» ብለው መረቁ፤ «አሜን» አልን፣ እትዬ ጁሀራም «አሚን» አለች። ሳላሀዲን «የሚያፈርሰው አንድም ሰው የለም ማለት ነው?» ብሎ ደግሞ ጠየቀ። «የለም!» አሉት። እሱም ቁልፉን ተጫነ። እኔ ሞኟ ደስ ብሎኝ ነበር። እማማ ልደትም ፈገግ ያለች መሰለኝ።

በሳምንቱ ቤት ለቤት ምዝገባው ተጀመረ፤ በእኛው ቤት። አባዬ፣ እማዬ፣ እኔ ገባን። አንተም ገባህ። ስንት ፋሲካ ቤትህ ሳትፈስክ ቀርተህ፣ ኮምፒዩተሩ «በደም ይዛመዳል» የሚለውን አይቶ ያላንዳች ጥያቄ አሳለፈህ፤ ድንኳንህ የተጠበቀ ነው፣ እንኳን ደስ ያለህ። ከዚያ የእማማ ልደት ስም ገባ። በቤቱ ይኖራል? አዎ። በደም? የለም። በጋብቻ? የለም። ጉዲፈቻ? አባዬ ሳቀ፤ «ከእኔ የምትበልጥ ሴት በጉዲፈቻ ላሳድግ?» አለ። ሳቁ ሳያልቅ ስክሪኑ ላይ ቀይ ጽሑፍ ወጣ። አባዬ መነጽሩን ስላጣው ሳላሀዲን ጮክ ብሎ አነበበለት፤ «ይህ ሰው በዚህ ቤት ሊኖር አይችልም። በቤት የሚኖር ሁሉ ዘመድ ነው፤ ይህ ሰው ዘመድ አይደለም።»

ከወዲያ ክፍል ሬድዮው ተዘጋ። ያ ሬድዮ የሚዘጋው ባትሪው ሲሞት ብቻ እንደሆነ ታውቃለህ። እማማ ልደት ወጥታ በሩ ላይ ቆመች። «ሊኖር አይችልም ነው ያለው?» አለች። ሳላሀዲን ላብ በላብ ሆኖ «እማማ፣ እንደሱ ለማለት ሳይሆን…» ሲል «ተው ልጄ፣ መስመሩ ጥርት ብሎ ነው የገባው» አለችውና ተመልሳ ገባች።

ቀልድ ነው ብለህ እንዳትስቅ። እድሩ የሚመዘግበው በቤት ነው፤ ብቻዋን ያለች፣ የራሷ ቤት የሌላት ሴት በስሟ አትገባም። የጎባውን እድሯን ወደ እኛ ስትመጣ ትታዋለች። በእኛ ቤት ካልተጻፈች ቀኗ ሲደርስ ጥሩምባ አይነፋላትም፣ ድንኳን አይተከልላትም፣ አልጋዋን የሚሸከም አይመጣም። ባለቤት የሌለው ሬሳ ትሆናለች ማለት ነው። እሷ ደግሞ እንደ እኛ ስለ ሞቷ ማውራት አታፍርም። «ድንኳኔ እዚህ ይተከላል» ብላ ከግቢው በር እስከ ቧንቧው ድረስ በእርምጃዋ ለክታ፣ እዚያ መሬት ላይ ምንም እንዳንተክል የከለከለችን ሴት ናት። ከዚያ ቀን ወዲያ ያንን ቦታ ስታልፍ ዓይኗን ታዞራለች።

አሁን የሚያናድደው ይመጣል። ጋሽ ገብረ ሥላሴ ዘንድ ሄድኩ። ጋቢያቸውን ተከናንበው «ልጄ፣ እኔ ምን አልኩ? ኮምፒዩተሩ ነው እንጂ። ሳይንስ ነው፤ ከሳይንስ ጋር አይሟገቱም» አሉኝ። «ጋሽ ገብሬ፣ ሳይንሱ እኮ ከእርስዎ አፍ ነው የሰማው» ብላቸው «አንቺ ልጅ፣ ምላስሽ ከቁመትሽ ቀድሞ አድጓል» አሉ። ኦቦ ባዳሳ ዘንድ ሄድኩ፤ «እሱን ዳኛው ያውቃሉ» አሉኝ። አባዬን ያዝኩት፤ «ኮምፒዩተሩ እምቢ ካለ እኔ ምን ላድርግ?» አለ። በቀደም ሪሞት ሲጠፋበት ቴሌቪዥኑን በቡጢ የመታ ሰውዬ፣ ዛሬ ማሽን አከበረ! ዝናብ ሲያበላሽ የመንግሥት ጥፋት፣ ልጅ ሲያበላሽ የዘመኑ ጥፋት፤ እነሱ ሲያበላሹ የኮምፒዩተር ጥፋት። ትልቅ ሰው መሆን ምንኛ ይመቻል!

ሳላሀዲንን አጥሩ ሥር ጠበቅኩትና አፋጠጥኩት። «ማሽኑ አልተሳሳተም» አለኝ። «ሁለት ነገር ነገሩት። ቤት ያለ ሁሉ ዘመድ ነው አሉ፤ ይህን ያሉት አፍረው ነው። ዘመድ ሁሉ በደም፣ በጋብቻ ወይም በጉዲፈቻ ነው አሉ፤ ይህን ያሉት አምነው ነው። እሱ ሁለቱንም እኩል አመናቸው። ማፈር ምን እንደሆነ አያውቅም። ያኔ አንድ ሰው ብቻ ቢጠሩለት ኖሮ ለእሷ ቦታ ይከፍት ነበር።» «እና አንተ ለምን አታስተካክለውም?» አልኩት። «ያጸደቀው ጉባኤው ነው። እኔ ቤቴ ቁጭ ብዬ ብቀይረው ‹የጁሀራ ልጅ የእድራችንን ሕግ በጓዳ ለወጠው› ይሉኛል። የተናገሩበት ቦታ ላይ አንድ ሰው ቆሞ ማፍረስ አለበት፣ እሷ ባለችበት» አለኝ።

ገባህ ወንድሜ? ባዕድ ላለማለት ብለው ከቤት አወጧት። በፊቷ አንዲት ቃል እንዳይወጣቸው ፈርተው፣ ሞታ የምትወጣበትን በር ዘጉባት። ከስድብ የባሰ ትሕትና አየሁ።

አባዬ በመጨረሻ «መላ አገኘሁ» ብሎ መጣ። «በአክስትነት እናስገባት፤ የአባቴ እህት ናት ብለን። ኮምፒዩተሩ የአባቴን ቤት ቆጥሮ አያውቅም!» ጋሽ ገብረ ሥላሴ «ጠቢብ ነህ» አሉት፤ ኦቦ ባዳሳ እጁን ጨበጡት። ተስማሙ፣ ተመራረቁ፣ ለእሷ ሊነግሩ ገቡ። እማማ ልደት ሰማቻቸውና «የማንም አክስት አይደለሁም» አለች። «ኃይለልዑል፣ አባትህን አላውቃቸውም፤ መቃብር ውስጥ ያሉ ሰው ላይ እህት አትለጥፍባቸው። እኔ አባትም እናትም ነበረኝ። ጥሩምባ ነፊው በማለዳ ሰፈሩን እየዞረ ‹የአቶ ኃይለልዑል አክስት አርፈዋል› ሲል፣ ሰው ‹የትኛዋ አክስቱ?› እያለ ጫማውን ሊያደርግ? በውሸት ስም አልቀበርም። ከዚያስ ቆሜ ብቀር ይሻለኛል።» በሩን ዘጋችባቸው። ሦስቱም ሽማግሌዎች ዝናብ ላይ ቆመው ቀሩ። እኔ ጃንጥላ አላመጣሁላቸውም፤ እማዬ ብትቆጣኝም አላመጣሁም።

የእድሩ ስብሰባ ባለፈው እሑድ ነበር። ከቤተ ክርስቲያን መልስ ሰው ተሰበሰበ፤ ዝናቡ ስለበረታ ድንኳኑ ግቢያችን ውስጥ ተተከለ፣ እሷ በለካችው ቦታ ላይ፣ ለስብሰባ። እማማ ልደት ከሁሉ ኋላ አግዳሚ ላይ ተቀመጠች። እኔ ጫፍ ላይ ቆምኩ፤ ልጅ በእድር አይናገርምና። ጋሽ ገብረ ሥላሴ ስለ ዲጂታል ረጅም ንግግር አደረጉ፤ ሦስቴ «ዲቪታል» አሉት። ከዚያ ሳላሀዲን «ከማጸደቃችን በፊት አንድ ጥያቄ እንደገና ልጠይቅ» አለ። በአንድ ቤት የሚኖር ሁሉ ዘመድ ነው?

ታምናለህ? ያ ሁሉ ሰው፣ የሆነውን እያወቀ፣ አሁንም መሬት መሬት አየ። ጋሽ ገብረ ሥላሴ ጉሮሯቸውን ጠረጉ። «እንዴታ! በአንድ ጣራ…» ሲሉ አላስቻለኝም። «አይደለም!» ብዬ ጮህኩ።

ድንኳኑ ሁሉ ዞረ። «ያ ኢንተላ! አንቺ ልጅ!» አለች እትዬ ጁሀራ ደረቷን ይዛ። አባዬ «ሶሲ! ግቢ!» አለ፤ ፊቱ ሲጠቁር አየሁት። ጋሽ ገብረ ሥላሴ «እንግዲህ ሕፃናት ዳኛ ከሆኑ እኛ ኳስ እንጫወት» አሉ፤ ሰው ሳቀ። ኮምፒዩተሩ ግን እንደ ሰው አይስቅም፤ «አይደለም ካላችሁ አንድ ሰው ጥሩልኝ» ይላል፣ ሳላሀዲንም ዓይኔን እያየ ይጠብቃል። ስሟን ልጠራ አፌን ከፈትኩ። ወንድሜ፣ ያን ሁሉ የፎከርኩት እኔ አልወጣልኝም። እኔም ጫማዬን አየሁ። እንደ እነሱ ሆንኩ። በዚያች ደቂቃ ከሁሉም ይልቅ በራሴ ተናደድኩ።

ከኋላ አግዳሚው ተንቋቋ። «እኔ አለሁ» አለች። ቀስ ብላ ተነሥታ ነጠላዋን አስተካከለች፤ ያ በስልክ የተሳለ ድምፅ ድንኳኑን ሞላው። «ጻፈኝ ልጄ። ልደት እባላለሁ። የአቶ ኃይለልዑል ዘመድ አይደለሁም፤ አክስቱም አይደለሁም። ቤቱ ግን እኖራለሁ።» ወደ ሽማግሌዎቹ ዞረች። «እናንተ ለእኔ ያፈራችሁልኝ ይመስላችኋል። ዘመድ አለመሆኔን እኔ የማላውቅ መሰላችሁ? ያፈራችሁት በራሳችሁ ነው። ዘመድ ያልሆነ ሰው አብሮ ማኖር ምኑ ያሳፍራል? ዘመዱንማ ማንም ያኖራል፤ ግዴታው ነው!»

አባዬ አንገቱን ደፋ። ሳላሀዲን ስሟን ጻፈ፣ ሕጉ ፈረሰ፣ ሥዕሉም ተነቃነቀና መሃሉ ላይ አንዲት ነጥብ ብቅ አለች። «አዲስ ሐሳብ አገኘ፣ ስም ይፈልጋል» አለ። ተጀመረ! «ደባል» ሲባል ጋሽ ገብረ ሥላሴ «ነውር ነው» አሉ። «እንግዳ» ተባለ፤ «እንግዳ እኮ ይሄዳል» አለች እማዬ፣ በዚያ ቀን የተናገረችው ይችን ብቻ ነው። አንዱ ከጥግ «ጥገኛ» አለ፤ እማማ ልደት «ጥገኛ ያልከው ማነህ? ድምፅህን አውቄዋለሁ፣ ዜና ከእኔ ሬድዮ በአጥር ላይ የምትሰማው አንተ ነህ» አለችውና ያ ሰው ተሸሸገ። እትዬ ጁሀራ «ቤተኛ በሉትና ተገላገሉ!» አለች። ቤተኛ ተባለ።

እትዬ ጁሀራ ግን አልተቀመጠችም። «እንግዲያው የእኛዋ ዙህራም ትግባ» አለች ድምፅዋን ዝቅ አድርጋ። «ከሼክ ሁሴን ዝያራ ስትመለስ ታማ እኛ ዘንድ ጎራ አለች፤ ይኸው አብራን አለች። ለሰው የባሌ እህት ናት ነው የምለው። ወላሂ አይደለችም።» ኦቦ ባዳሳ ከዘራቸውን አሹ፤ «እኔም ጉርሜሳ አለ፤ ስንዴ ሊያጭድ መጥቶ የቀረ። የወንድሜ ልጅ ነው እያልኩ…» አሉ። ከዚያማ ግድቡ ተናደ። ከየአግዳሚው እጅ ወጣ፣ የሳላሀዲን ጣት መከተል አቃተው። ያቺ ነጥብ ከሰው ሁሉ ቤት እየሳበች ከደም ዘመድ ቀጥላ ትልቋ ሆነች። አየህ፣ ሐሳቡን የፈጠረው ኮምፒዩተሩ አይደለም። በየጓዳው ነበር፤ እያንዳንዱ ቤት የእኔ ብቻ ነው ብሎ ሸፍኖት እንጂ። ስንት የውሸት አክስትና ስንት የውሸት የወንድም ልጅ ሮቤ ውስጥ እንደሚኖር ብትሰማ!

ይህ ሁሉ ሲሆን ጋሽ ገብረ ሥላሴ ምን አሉ መሰለህ? «ይኸው! ኮምፒዩተሩ ከእኛ ተማረ! እኛማ ድሮም እናውቀው ነበር» አሉ፤ ተጨበጨበላቸው! ቆሜ ቀረሁ። የእማማ ልደት ስም በእኛ ቤት ሥር ተጽፏል፤ ጥሩምባውም በስሟ፣ ድንኳኑም በዚህ በር ሆኗል፤ ይህ ተፈጽሟል፣ ማንም አይነካውም። ግን ንዴቴ አልበረደም፤ ለምን እንደሆነ ልንገርህ።

መልአኩን ታስታውሰዋለህ፤ በጋሽ ገብረ ሥላሴ ወፍጮ ቤት ጓዳ የሚኖረውን ሽማግሌ፣ ማታ ከእሳቸው ጋር ከአንድ ትሪ የሚበላውን። የእድሩን አግዳሚዎች ተሸክሞ ያመጣው፣ ተሸክሞም የመለሰው እሱ ነው። ሁሉም የየቤቱን ሰው ሲጠራ እሱ የድንኳኑን ካስማ ይዞ ቆሞ ጋሽ ገብረ ሥላሴን እያየ ነበር። እሳቸው ጣራ አዩ፤ ጣራ እንኳን በሌለበት። ስሙን ሳይጠሩት ስብሰባው ተዘጋ። የመንደሩን ሁሉ ቤተኛ ያጸደቁት ዳኛ የራሳቸውን ሰው ከዝናቡ አላስጠለሉትም። ሳላሀዲን «አንድ ቀን ይጠሩት ይሆናል» ይላል። እማማ ልደት ግን «እኔ ስነሣ እሱም መነሣት ነበረበት» አለችና ትናንት ወፍጮ ቤቱ ድረስ በጭቃው ሄዳ አነጋገረችው። ምን እንዳለችው አልነገረችኝም። ሲለያዩ ግን እሱ ኮፍያውን አውልቆ፣ ለረጅም ጊዜ ራሱን ሲያክ አይቼዋለሁ።

አንተ በዚያ ድንኳን ውስጥ ብትኖር ስሟን ትጠራ ነበር? እውነቱን ጻፍልኝ፤ አልፈርድብህም፣ ወይም ትንሽ ብቻ እፈርድብሃለሁ።

እማዬ በብዙ ናፍቆት ሰላም ትልሃለች፤ በባዶ ሆድህ ሻይ አታብዛ ብላለች። አባዬ ሰላም ብሎሃል፤ እኔን «አላኮረፍኩሽም» ይለኛል፣ ግን ሰላምታህን የላከው በእማዬ በኩል ነው። እትዬ ጁሀራ «ለልጄ ሰላም በይልኝ፣ አላህ ይጠብቀው» ብላለች። ሳላሀዲን ሊመረቅ ነው፤ የጎመኑን ነገር ይቅር በለኝ ይላል። ኦቦ ባዳሳ በሁለቱም ቋንቋ ሰላም ብለውሃል። ጋሽ ገብረ ሥላሴም ሰላምታ ሰጥተውኛል፤ ኮምፒዩተሩን እሳቸው እንዳስተማሩት እንድጽፍልህ አዘውኛል፣ ይኸው ጻፍኩ።

ከሁሉ በኋላ፣ ይህን ስጽፍ እማማ ልደት ከክፍሏ ሆና «ብዕርሽ ሲንጫጫ ይሰማኛል፤ ለወንድምሽ ከሆነ የእኔንም ጨምሪበት» አለች። ምን ልበለው ብላት ትንሽ አሰበች። ቃሏን እንዳለ ገልብጬዋለሁ፤ «ዘመድህ ያልሆነችው ልደት፣ ከቤትህ ሆና ሰላም ትልሃለች።»

እህትህ ሶሲ ኃይለልዑል
ሮቤ፣ ባሌ
ሐምሌ 11 ቀን 2017 ዓ.ም.